የሽምግልና የልደት ቀን በክርስቲያን ቤት እንዴት ይከበር



በዚህ ዘመን በከተሞቻችን አንድ ልማድ እየጸና ሄዷል። አባት ወይም እናት ስድሳ፣ ሰባ ወይም ሰማንያ ዓመት የሞላቸው እንደ ሆነ ልጆች ገንዘብ አዋጥተው አዳራሽ ይከራያሉ፤ ኬክ ያስጋግራሉ፤ ሻማ ያበራሉ፤ ዘመድና ጎረቤትም ይጠራሉ። ስለዚህ ነገር ብዙዎች እየመጡ ይጠይቁኛል። አንዳንዶች፣ «ይህ የባዕድ ልማድ ነውና ክርስቲያን ሊያደርገው አይገባም» ይላሉ። ሌሎች ደግሞ፣ «ደስታ ነውና ማንም አይከልክለን» ይላሉ። እኔ ግን ከሁለቱ ወገን በአንዱም አልቆምም። ቀኑን ማክበር ኀጢአት አይደለም፤ ነገር ግን ሰባ ዓመት የኖረ ሰው ሻማ እፍ ብሎና ጠግቦ በልቶ ብቻ ወደ ቤቱ የተመለሰ እንደ ሆነ፣ ዳግመኛ የማይገኝ ቀን ባክኖበታል። ያ ቀን ሰው የዕድሜውን መዝገብ ገልጦ ከአምላኩና ከሰው ጋር የሚተሳሰብበት ቀን ነውና።

ቀኑን ስለ ማወቅ

አባቶቻችን የልደታቸውን ቀን በመዝገብ አያኖሩም ነበር። ዕድሜያቸውን የጠየቃቸው ሰው ቢኖር በታወቀ ነገር ይቈጥሩለታል። «ንጉሡ ከስደት በተመለሱበት ዓመት ተወለድሁ» ይላል አንዱ፤ «በታኅሣሥ ግርግር ጊዜ ጡት አልጣልሁም ነበር» ትላለች ሌላይቱ። ንጉሡ የተመለሱት በ1933 ዓ.ም.፣ ግርግሩም የሆነው በ1953 ዓ.ም. ነውና ከዚህ ተነሥቶ ዓመቱን ማግኘት ይቻላል። ቀኑን መፈለግ የሚወድ ልጅ ደግሞ የክርስትናውን ቀን ይጠይቅ። በኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ወንድ በ40 ቀን፣ ሴት በ80 ቀን ክርስትና ይነሣሉና፣ «በእገሌ በዓል ማግሥት ክርስትና ተነሣሁ» የሚል ቃል የተገኘ እንደ ሆነ ወደ ኋላ ቈጥሮ ልደቱን መገመት ይቻላል። ይህም ባይገኝ አያስጨንቅ፤ ቤተ ሰቡ አንድ ቀን መርጦ ያመስግን። እግዚአብሔር ምስጋናውን ይመለከታል እንጂ ቀኑ በአንድ ሳምንት ቢያልፍ ወይም ቢቀድም አይቈጣም። ይልቁንም አባትን ስለ ልጅነቱ ቀርቦ መጠየቅ እርሱ ራሱ የበዓሉ መጀመሪያ ነው።

በመጽሐፍ ስለ ተጻፉት ሁለት የልደት ግብዣዎች

የልደትን ቀን የሚነቅፉ ሰዎች በመጽሐፍ ቅዱስ የልደት ግብዣ አድርገው የተጻፉት ፈርዖንና ሄሮድስ መሆናቸውን ያስታውሱናል። እውነት ነው። በፈርዖን ግብዣ የእንጀራ አበዛዎቹ አለቃ ተሰቀለ፤ በሄሮድስም ግብዣ የመጥምቁ ዮሐንስ ራስ በወጭት ቀረበ። ነገር ግን ጥፋቱ ምን እንደ ነበረ እንመርምር። ሄሮድስ ተወልጄበታለሁ ያለውን ቀን ስላሰበ አልበደለም። በመኳንንቱ ፊት ታላቅ ሆኖ ሊታይ ወዶ ሳያስብ ማለ፤ የማለውንም ቃል ሰዎች እንዳይንቁት ፈርቶ ጻድቁን አስገደለ። የግብዣው አሳላፊ ትዕቢት ሆነ፤ የሰው ዓይን ደግሞ ዳኛ ሆነ። ስለዚህ ልደትን ማክበር የሚወድ ሰው አስቀድሞ ራሱን ይጠይቅ፤ «ይህን ግብዣ የማደርገው አምላኬን ላመሰግን ነውን? ወይስ ጎረቤቴ ካደረገው እንዳያንስብኝ ነው?» ይበል። መልሱን ልቡ ያውቀዋል።

በሌላ ስፍራ ግን ያው መጽሐፍ የሽምግልናቸውን ዘመን በመልካም ያሰቡ ሰዎችን ያሳየናል። ካሌብ 85 ዓመት በሞላው ጊዜ ዕድሜውን በሕዝቡ ፊት ቈጠረ፤ ከዚያም ዕረፍትን ሳይሆን ግዙፋን ሰዎች የሚኖሩበትን የኬብሮንን ተራራ ለመነ። ቤርዜሊ 80 ዓመት በሆነው ጊዜ ንጉሥ ዳዊት ወደ ኢየሩሳሌም ወስዶ በማዕዱ ሊያኖረው ወደደ። ሽማግሌው ግን የመብሉን ጣዕም እንደማይለይና የዘፋኙንም ድምፅ እንደማይሰማ በግልጥ ነግሮ፣ ለእርሱ የታሰበው ክብር ለአንድ ወጣት እንዲደረግ ለመነ። ሳሙኤልም በሸመገለ ጊዜ እስራኤልን ሁሉ ሰብስቦ፣ በሬ ወይም አህያ የወሰደበት፣ ያታለለው፣ የገፋው ወይም ጉቦ የተቀበለው ሰው ቢኖር ወጥቶ እንዲመሰክርበትና እርሱም እንዲመልስ ጠየቀ።

ወንድሞቼ ሆይ፤ ይህን የሳሙኤልን ነገር በልባችሁ አኑሩት። በሽበቱ ፊት እጅ የሚነሣለትን ሕዝብ ሰብስቦ «አመስግኑኝ» አላለም፤ «የበደልሁት ማን ነው?» አለ እንጂ። ከዚህ የሚበልጥ የሽምግልና በዓል አላውቅም።

ከአገራችን ታሪክ አንድ ምሳሌ

ቀዳማዊ ንጉሠ ነገሥት ኃይለ ሥላሴ ሐምሌ 16 ቀን 1884 ዓ.ም. ተወለዱ። ሰማንያኛው የልደት በዓላቸውም ሐምሌ 16 ቀን 1964 ዓ.ም. በታላቅ ክብር ተከበረ። ከዚያ በኋላ ባለው ዓመት በወሎ ረሃብ ጸንቶ ብዙ ሕዝብ አለቀ። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ የረሃብተኞቹ ሥዕል ከቤተ መንግሥቱ ግብዣ ሥዕል ጋር እየተፈራረቀ በቴሌቪዥን ለሕዝብ ታየ፤ በማግሥቱም ንጉሡ ከዙፋናቸው ወረዱ። ይህን የምጽፈው በሞቱት ላይ ልፈርድ አይደለም፤ ፍርድ የእግዚአብሔር ነው። ነገር ግን አንድ ነገር እንማር። የተራበ ሰው በደጅ ሳለ የተበላ ግብዣ በበላው ሰው ላይ አንድ ቀን ምስክር ይሆናል። ይህም ለነገሥታት ብቻ አይደለም። በእኔና በአንተ ደጅ ያለውን ሰው እግዚአብሔር ያየዋል።

እንግዲህ ምን እናድርግ?

1ኛ፤ ሽማግሌው የሕይወቱን ታሪክ ይናገር። በዚያ ቀን ከልጅ ልጆቹ መጻፍ የሚችል አንዱ ወረቀትና እርሳስ ይዞ በአጠገቡ ይቀመጥ። የት እንደ ተወለደ፣ ማን እንዳስተማረው፣ ከየትኛው ሞት እግዚአብሔር እንዳዳነው፣ በምንስ እንደ ተሳሳተ ይንገራቸው። ጫማ ሰፊ የነበረውና በ1793 ዓ.ም. በአውሮፓ አቈጣጠር ወደ ሕንድ አገር የሄደው ወንጌላዊው ዊልያም ኬሪ፣ በ1831 ሰባ ዓመት በሞላው ቀን ለልጁ ደብዳቤ ጻፈ። በዚያም የአምላክን ቸርነት አስቦ አመሰገነ፤ ደግሞም ያለፈውን ዘመኑን መርምሮ ስለ ጕድለቱ ራሱን አዋረደ። መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ብዙ ቋንቋዎች የመለሰ ሰው በዚያ ቀን ሥራውን እየቈጠረ ሊመካ ይችል ነበር፤ ነገር ግን እንዲህ አላደረገም።

2ኛ፤ የተጣላ ይታረቅ፤ የሰው ገንዘብ በእጁ ያለ ይመልስ። ከበዓሉ በፊት ባለው ወር ሽማግሌው ብቻውን ተቀምጦ በስም ይቍጠር፤ «ከእነማን ጋር ሰላምታ አቋርጫለሁ? የማን ነገር በእጄ ቀርቷል?» ይበል። የተበደረው ድኻ ካለ በዚያ ቀን ዕዳውን ይተውለት። በሙሴ ሕግ አምሳኛው ዓመት የኢዮቤልዩ ዓመት ነበረ፤ ቀንደ መለከት ይነፋ ነበር፤ ድኻውም ወደ ርስቱ ይመለስ ነበር። ቍጥሩ የደረሰው ዓመት ሌላውን ሰው ነጻ ሊያወጣ እንደሚገባ ከዚህ እንማራለን።

3ኛ፤ ግብዣው በልክ ይሁን። ስለ ልደት ብሎ ዕዳ መግባት ስንፍና ነው። ሽማግሌ በሌሊት ድካም ይበዛበታልና ማዕዱ በቀን ይደረግ። ጆሮው የከበደ ሰው በታላቅ የሙዚቃ ድምፅ መካከል ብቻውን እንደ ተቀመጠ ይሆናልና ጩኸቱ ይቀነስ። የስኳር በሽታ ያለበት እንደ ሆነም በስሙ የተጋገረውን ጣፋጭ ሁሉ ሌላው እየበላ እርሱ እንዳያይ፣ ለእርሱ የሚስማማው ይዘጋጅ። የልጅነት ጓደኞቹን አትርሱ፤ እግራቸው የደከመውን መኪና ልካችሁ አስመጡ፤ ከአልጋ የማይነሣ ካለም ከማዕዱ ተከፍሎ ይላክለት፤ የሚቻል እንደ ሆነ ሽማግሌው ራሱ ሄዶ ይጠይቀው። ጌታችንም ብድር መመለስ የማይችሉትን፣ ድኾችንና ዕውሮችን እንድንጠራ አስተምሯል። ከተጋባዦቹ መካከል እንደዚህ ያለ ሰው አንድ እንኳ ከሌለ ግብዣው ገና አልተሟላም።

4ኛ፤ የቤቱን ነገር ያሰናዳ። ብዙ ሰው ኑዛዜ መጻፍን ሞትን እንደ መጥራት ይቈጥረዋል፤ በዚህም ምክንያት ልጆቹ ከቀብር ወደ ፍርድ ቤት ይሄዳሉ። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ መንገዱን አቅንቷል። በግልጥ የሚደረግ ኑዛዜ በተናዛዡና በአራት ምስክሮች ፊት ተነብቦ ይፈረማል፤ ከምስክሮቹ አንዱ በሥራው ላይ ያለ ዳኛ ወይም አዋዋይ የሆነ እንደ ሆነ ግን ሁለት ምስክሮች ይበቃሉ። መጻፍ የሚችል ሰውም ኑዛዜ መሆኑን በግልጥ አመልክቶ ሙሉውን በገዛ እጁ ሊጽፈው፣ ቀኑንም ጽፎ ሊፈርምበት ይችላል። አእምሮው ጤነኛ ሳለ፣ ልጆቹም በፍቅር ተሰብስበው ሳሉ ይህን ያደረገ አባት ከብር የሚበልጥ ርስት አወረሳቸው፤ ይኸውም ሰላም ነው።

5ኛ፤ በዓሉ በምርቃት ይፈጸም። ያዕቆብ በፈርዖን ፊት በቆመ ጊዜ ንጉሡ ዕድሜውን ጠየቀው። እርሱም 130 ዓመት መሆኑን ተናገረ፤ መከራውንም አልሸሸገም፤ ከዚያም ስደተኛው ሽማግሌ ንጉሡን መረቀ። በአገራችንም ሽማግሌ እጁን ዘርግቶ ሲመርቅ ሕዝቡ ሁሉ «አሜን» ይላል። ይህን መልካም ልማድ በጭብጨባ ብቻ አትለውጡት። ልጆችና የልጅ ልጆች አንድ በአንድ እየቀረቡ በስማቸው ይመረቁ። ብዙ ልጅ አባቱ የሰጠውን ገንዘብ ይረሳል፤ ራሱን ይዞ የመረቀበትን ቃል ግን እስኪሸመግል ድረስ አይረሳም።

የአንድ ነጋዴ ነገር

ከዓመታት በፊት በምኖርበት ከተማ አንድ የእህል ነጋዴ አውቅ ነበር። ሰባ ዓመት ሊሞላው ጥቂት ወራት በቀሩት ጊዜ ልጆቹ ስለ በዓሉ ሥርዓት እንድመክራቸው ጠሩኝ። ልጆቹ ስለ አዳራሹና ስለሚታረደው በሬ ሲናገሩ እርሱ ዝም ብሎ ይሰማ ነበር። እነርሱ በወጡ ጊዜ ግን ወደ እኔ ተጠግቶ፣ «ልጆቼ በሬ ይጥሉልኛል። እኔን ግን አንድ ነገር እንቅልፍ ነሥቶኛል። ታላቅ እኅቴ ከአባታችን ቤት ድርሻዋን በጠየቀችኝ ጊዜ ሽማግሌዎቹን በንግግር ረታሁና አስቀረሁባት። እነሆ 28 ዓመት ነው፤ በአንድ ከተማ እየኖርን አንነጋገርም» አለኝ።

እኔም፣ «ታዲያ አባባ፣ በዓልዎን ከእኅትዎ ቤት ለምን አይጀምሩም?» አልሁት። ብዙ ጊዜ ዝም አለ። ከዚያም፣ «ብታባርረኝስ?» አለ። «ቢያባርርዎትም ገንዘቡ የእርስዋ ነው» አልሁት።

ድርሻዋን በዛሬው ዋጋ አስገመተ። ልጆቹም ባወቁ ጊዜ ገሚሶቹ ተቈጡ፤ ለአዳራሹ የታሰበው ገንዘብ በዚያ ያልቃልና። እርሱ ግን ታላቁን ልጁን ይዞ ሄደ። ደጁን በመታ ጊዜ እኅቱ ድምፁን ለየች፤ ሳትከፍትም፣ «ደግሞ ምን ልትወስድ መጣህ? የቀረኝ ነገር የለም» አለችው። እርሱም በደጅ ቆሞ፣ «እትዬ፣ ልመልስ መጣሁ» አለ። በሩ እስኪከፈት ድረስ ብዙ ቆየ። ከገባም በኋላ በእግርዋ ላይ ወደቀ፤ እርስዋም ገንዘቡን ተቀበለች፤ ስለ ይቅርታ ግን በዚያ ቀን አንዳች አልተናገረችም።

የልደቱ ቀን ደረሰ። አዳራሽ ቀረ፤ በሬም ቀረ፤ በግቢው በጥላ ሥር አነስተኛ ማዕድ ተዘረጋ። እኅቱ ከሁሉ በኋላ መጣችና በበሩ አጠገብ ተቀመጠች። የምርቃት ጊዜ በሆነ ጊዜ ነጋዴው ተነሥቶ፣ «ከእኔ የምትበልጥ ሳለች እኔ አልመርቅም» አለና በሕዝቡ ሁሉ ፊት በደሉን ተናገረ። ባልቴትዋም እጅዋን ዘርግታ በዝግታ መረቀችው፤ ሕዝቡም «አሜን» አለ። ከዚያ በኋላ ሁለቱ እንደ ልጅነታቸው ሆኑ ብዬ አልናገርም፤ 28 ዓመት በአንድ ቀን አይመለስምና። ነገር ግን በሁለተኛው ዓመት እርሱ ታሞ በሞተ ጊዜ ከራስጌው ተቀምጣ ያለቀሰች እርስዋ ነበረች።

ለልጆች የሚሆን ቃል

ወንዶችና ሴቶች ልጆች ሆይ፤ እኔ ራሴ በዚህ ነገር በደለኛ ስለ ሆንሁ የምነግራችሁ ከሌላ ሰው የሰማሁትን አይደለም። በልጅነቴ ለትምህርት ከእናቴ ተለየሁ፤ ከዚያም ሥራ ያዝሁ። በየዓመቱ፣ «የሚመጣው ዓመት አጠገብዋ ተቀምጬ ሁሉን እጠይቃታለሁ» እል ነበር። ሰማንያ ዓመት ሳይሞላት አይቀርም ባልንበት ዘመን ሞተች። ዘመዶቻችን ድንኳን ተክለው፣ በሬ አርደው ተዝካርዋን አወጡ፤ እኔም ገንዘብ ሰጠሁ። ሰውም ሁሉ «እናታቸውን አከበሩ» አለን። እርስዋ ግን ከዚያ ሁሉ ማዕድ አንዲት ጕርሻ አልቀመሰችም። ድንኳኑ በተነቀለ ጊዜ አንዲት ጎረቤት፣ «አንተ ሕፃን ሳለህ በታመምህ ጊዜ እናትህ አዝላህ ሁለት ቀን ሙሉ በእግርዋ እንደ ሄደች ታውቃለህን?» አለችኝ። አላውቅም ነበር። ይህን ከራስዋ አፍ ሰምቼ እግርዋን ልስም ይገባኝ ነበር።

ስለዚህ ለሞቱት የምታወጡትን ገንዘብ በሕይወት ላሉት ከፍላችሁ አስቀድሙ። መልካም ቃል ሁሉ በቀብር ላይ እንዲነበብ አታቈዩት፤ ሽማግሌው እየሰማ ተናገሩት። በዓሉንም ራሱን ሳትጠይቁ አታሰናዱ፤ ዝምታ የሚወድ ሰው አለ፤ የትዳር ጓደኛው ስለ ሞተች በዚያ ቀን ኀዘን የሚጸናበትም አለ። በአሜሪካ ወይም በዐረብ አገር ያላችሁም ገንዘብ መላካችሁ መልካም ነው፤ ነገር ግን እናታችሁ ከገንዘቡ ይልቅ ድምፃችሁን ትሻለች። መምጣት ካልቻላችሁ በስልክ ምርቃቱን ተቀበሉ።

ፍጻሜ

በጃፓን አገር ሰው ስድሳ ዓመት በሞላው ጊዜ ቀይ ቆብና ቀይ ልብስ የሚያለብሱት ጥንታዊ ልማድ አለ። በጥንቱ አቈጣጠራቸው የዘመናት ዙር በስድሳ ዓመት ስለሚፈጸም፣ ሽማግሌው እንደ ገና እንደ ሕፃን ይጀምራል ይላሉ። ይህን በሰማሁ ጊዜ ኒቆዲሞስን አሰብሁ። እርሱም በሌሊት ወደ ጌታ መጥቶ፣ ሰው ከሸመገለ በኋላ እንዴት ሊወለድ እንደሚችል ጠይቆ ነበር። ቀይ ልብስ ይህን አያደርግም፤ ኬክና ሻማም አያደርጉትም። እግዚአብሔር ግን ያደርገዋል። በሰባ ዓመቱ የሰረቀውን የመለሰ፣ የጠላውን ያቀፈ፣ የቂም ሸክሙን ከትከሻው ያወረደ ሰው በዚያ ቀን በእውነት ተወልዷል፤ እንዲህ ያለውን ልደት ማክበር ይገባል።

አንተ ሽበት የበዛልህ አባቴ ሆይ፣ አንቺም እናቴ ሆይ፤ ምናልባት በልባችሁ አሁን የአንድ ሰው ስም መጥቶ ይሆናል። ዓመቱ እስኪሞላ አትጠብቁ። ወደ እርሱ ሂዱ።

የዘመናት ጌታ ሆይ፤ እስከዚህ ቀን ስላደረስኸን እናመሰግንሃለን። የቀረልንን ዘመን ለሌላ ሰው በረከት አድርገው፤ ዕዳችንን ሳንከፍል አትጥራን፤ ለልጆቻችንም ሰላምን የምናወርስ አድርገን። አሜን።